ሕመም የከዳው እጅ

ጦሳ ተራራ ገና ጨለማውን እንደ ተከናነበ፣ የምሥራቁ ሰማይ መቅላት ሳይጀምር፣ ከአንድ የደሴ ቤት ደጃፍ የሰው ድምፅ ይነሣል። ድምፁ የሁለት ሰዎች ነው። ወንዱ የቤቱን ጌታ በስሙ እየጠራ ያወድሳል፤ የእጁን ቸርነት፣ የዘሩን ትልቅነት፣ የልጆቹን መባረክ ይዘረዝራል። ሴቲቱ ቃል የሌለው ዜማ ከሥር ከሥር ታነጥፍለታለች። በቤቱ ውስጥ የተኛው ሰው መጀመሪያ ሕልም ይመስለዋል፤ ቀጥሎ የገዛ ስሙን ይሰማና ይነቃል። በወሎ፣ በሸዋና በጎጃም ደጋ የኖረ ሰው ይህን ድምፅ ያውቀዋል። ላሊበሎች ናቸው፤ ሐሚና የሚላቸውም አለ። የባለቤቱን ስምና ግብር ከጎረቤት ጠይቀው አስቀድመው ያጠናሉ፤ ፀሐይ ሳትወጣ ያዜማሉ፤ የተሰጣቸውን ተቀብለው መርቀው ይሄዳሉ። የሚሰጣቸው ያጡ እንደ ሆነ ግን ውዳሴው ወደ ሽሙጥ ይለወጣል።

እንዲህ የሚያደርጉት ስለ ምን እንደ ሆነ ሲጠየቅ፣ ከአባት ወደ ልጅ የተላለፈ አንድ መልስ አለ። ከዚህ ዘር የተወለደ ሰው በንጋት ወጥቶ ካላዜመ ሥጋ ደዌ ይይዘዋል ይባላል። እ.ኤ.አ. በ1970ዎቹ በኢትዮጵያ ጥናት ያካሄዱት የሙዚቃ ተመራማሪ ኬይ ካውፍማን ሸለመይ ስለ ላሊበሎች በጻፉት ላይ ይህንኑ እምነት መዝግበውታል። እንግዲህ በእምነቱ መሠረት ዜማው ለጆሮ ደስታና ለዕለት ጉርስ ብቻ የሚቀርብ አይደለም። በዘፋኙ ሥጋና በመበስበስ መካከል የቆመ አጥር ነው።

በዓለም ሥነ ጽሑፍ ውስጥ፣ ያለውን ዓለም ትተው ሌላ ዓለም የሚፈጥሩ ደራስያን አሉ። በፈጠሩት ዓለምም ብረት እንዳይዝግ፣ እህል እንዳይነቅዝ፣ ሥጋ እንዳይፈርስ የሚያደርግ አንድ ኃይል ያቆማሉ፤ ለኃይሉም እንደ መሬት ስበት ያለ ሕግ ያወጡለታል። የላሊበሎች እምነት በዚህ ዓይን ሲታይ የተሟላ ፈጠራ ነው። የራሱ ሕግጋት አሉት። የመጀመሪያው ሕግ የጊዜ ነው፤ ዜማው ከፀሐይ መቅደም አለበት። ሁለተኛው የማያቋርጥነት ነው፤ ትናንት የተዜመው ለነገ አይሆንም። ሦስተኛው የቦታ ነው፤ ሰው ራሱን ለማዳን የሚያዜመው በገዛ ቤቱ ውስጥ ተቀምጦ ሳይሆን በሌላው ሰው ደጃፍ ቆሞ ነው። የመጨረሻው ሕግ ምርቃት ነው።

የዚህን እምነት ስሕተት ማሳየት ዛሬ አስቸጋሪ አይደለም። ሥጋ ደዌ ከዘር የሚወረስ እርግማን አለመሆኑ ከታወቀ ከመቶ ዓመት በላይ ሆኖታል። ዜማውን ትቶ ነጋዴ ወይም መምህር የሆነ የላሊበሎች ልጅ፣ ስለ መተዉ ብቻ ከማንም ሰው የበለጠ የሚያሠጋው ነገር የለም። ነገር ግን አንድን እምነት ስሕተት ነው ብሎ ማለፍ እምነቱ የተሸከመውን ጥያቄ አይመልሰውም። ጥያቄው፣ ለመሆኑ የሰውን ገላ ከመፍረስ ጠብቆ የሚያቆየው ምንድን ነው? የሚል ነው። ለዚህ ጥያቄ የተሰጠው እውነተኛ መልስ ከፈጠራው ያልተናነሰ የሚያስገርም ሲሆን፣ መልሱን ለመረዳትም ከደሴ ብዙ መራቅ አያስፈልግም።

ከደሴ በስተሰሜን ጥቂት ኪሎ ሜትር እንደ ተሄደ ቦሩ ሜዳ ይገኛል። በታሪክ መጻሕፍት ውስጥ ቦሩ ሜዳ የሚታወቀው በጉባኤው ነው። በ1870 ዓ.ም. ዐፄ ዮሐንስ 4ኛና ንጉሥ ምኒልክ በተገኙበት፣ ሊቃውንቱን ለረጅም ዘመን የከፋፈለው የሃይማኖት ክርክር በዚህ ሜዳ ላይ ተሰምቶ ተፈረደ፤ የወሎ እስላምም ሃይማኖቱን እንዲለውጥ ታዘዘ። የነገሥታቱ ሐሳብ አገሩን አንድ አድርጎ ማጽናት ነበር፤ በግድ የተሠራው አንድነት ግን በብዙ ሰው ልብ ውስጥ ለዘመናት የቆየ ቁስል ትቶ አልፏል። ሕሙማን የሚያውቁት ቦሩ ሜዳ ግን ሌላ ነው። በዚያ ስፍራ፣ ዛሬ ለማናቸውም በሽታ የሚያክም አጠቃላይ ሆስፒታል ሆኖ የሚሠራ፣ ለረጅም ዘመን ግን ከሁሉ ይልቅ በሥጋ ደዌ ሕክምና ስሙ የታወቀ ሆስፒታል አለ። ከወሎ ቆላና ደጋ ስንቁን ቋጥሮ፣ ፊቱን በነጠላው ሸፍኖ ወደ ቦሩ ሜዳ የሚጓዘው ሰው ስለ ነገሥታቱ ጉባኤ አያስብም። የሚያስበው ስለ ጣቶቹ ነው።

ስለ ሥጋ ደዌ ሕዝብ የሚያምነው፣ በሽታው ሥጋን የሚያበሰብስ መሆኑን ነው። ስሙም ይህንኑ ይመሰክራል፤ የሥጋ ደዌ ነውና። ቁምጥና የሚለው የዘወትር ቃል ደግሞ የሚያየው የጎደለውን ጣት ብቻ ነው። ይሁን እንጂ ሥጋው በራሱ አይበሰብስም፤ ጣትም እንደ ደረቀ ቅጠል ተቀንጥሶ አይወድቅም። እ.ኤ.አ. በ1873 የኖርዌዩ ሐኪም ጌርሃርድ አርማወር ሃንሰን የበሽታውን ባክቴሪያ አገኘ። ይህ ባክቴሪያ ከሚታወቁት ሁሉ እጅግ ዝግተኛ ከሚባሉት አንዱ ነው። አንዱ ሁለት ለመሆን ሁለት ሳምንት ያህል ይፈጅበታል፤ በሽታው ወደ ሰው ገብቶ ምልክቱ እስኪታይ በአማካይ 5 ዓመት፣ አንዳንድ ጊዜም 20 ዓመት ያልፋል። ከገላም ቀዝቀዝ ያለውን ክፍል ይመርጣል፤ ቆዳን፣ አፍንጫን፣ ጆሮን፣ እጅንና እግርን። በእነዚህ ስፍራዎችም ጎጆውን የሚቀልሰው በነርቮች ውስጥ ነው። ጉዳቱን በመጀመሪያ የሚያደርሰው በሥጋው ላይ ሳይሆን፣ ሥጋው ስለ ራሱ ወሬ በሚልክበት መንገድ ላይ ነው።

ይህ ምን ማለት እንደ ሆነ ለመረዳት አንባቢ በዓይነ ሕሊናው አንዲት የገጠር እናት ይሣል። ምጣዱ ግሏል፤ ጭሱ ጎጆውን ሞልቶታል። ሌላዋ ሴት ጨርቅ ፈልጋ የምታነሣውን የጋለ አክንባሎ እርሷ በባዶ እጇ ታነሣዋለች። ፊቷን አታጨማድድም፤ እጇንም ፈጥና አትሰበስብም። ጎረቤቷ ገርሟት «አንቺ፣ እጅሽ ብረት ነው እንዴ?» ትላታለች። እናቲቱም ትስቃለች። ልጆቿ በእናታቸው እጅ ይኮራሉ፤ እሳት የማይፈራ እጅ ነውና። ማታ ግን በመዳፏ ላይ ውኃ የቋጠረ ነገር ታያለች። አያማትም። ያላመማት ነገር ስለማያሳስባት በማግሥቱ ሙቀጫ ትወቅጥበታለች፤ በሦስተኛው ቀን እንጨት ትለቅምበታለች። ቁስሉ ይሰፋል፤ ይመረቅዛል፤ ወደ አጥንት ይዘልቃል። አጥንቱ ከተደጋጋሚ ቁስልና ከመግል የተነሣ እየሟሸሸ ጣቷ ከዓመት ወደ ዓመት ያጥራል። ጎረቤቷ ያን ጊዜ አትስቅም። ከዚያች ቤት ቡና መጠጣት ትተዋለች።

እዚህ ላይ ነው የእውነቱ አስገራሚነት። የእናቲቱን ጣት የበላው እሳቱና ሙቀጫው ነው፤ በሽታው ያደረገው ዘበኛውን ማስወገድ ነው። የእናቲቱ ጎረቤት ዕድሜዋን ሁሉ በዚያው ምድጃ ዙሪያ ኖራ ዐሥር ጣት ያላት፣ ሥጋዋ ከተሻለ ነገር ስለ ተሠራ አይደለም። በየቀኑ ብዙ ጊዜ አንድ ነገር «ተይ!» ስለሚላት ነው። ያ ነገር ሕመም ነው። ሰው ሁሉ የሚሸሸው፣ በጸሎቱ እንዲርቅለት የሚለምነው፣ ሐኪም ዘንድ ሄዶ አጥፋልኝ የሚለው ሕመም፣ ገላን ከመፍረስ የሚጠብቅ ኃይል ሆኖ ተገኘ።

ይህን ነገር በጥንቃቄ ተመልክተው ለዓለም ካስረዱት ሰዎች መካከል እንግሊዛዊው የቀዶ ጥገና ሐኪም ፖል ብራንድ አንዱ ናቸው። ብራንድ ከ1946 እ.ኤ.አ. ጀምሮ በደቡብ ሕንድ በቬሎር ከተማ ይሠሩ ነበር። አንድ ቀን የዛገ ጓጉንቸር ለመክፈት ቢታገሉ እምቢ አላቸው። አንድ ትንሽ ልጅ፣ ከሕሙማኑ አንዱ፣ ቀረብ ብሎ ቁልፉን ያዘና በአንድ ጊዜ አዞረው። ሐኪሙ በልጁ ጉልበት ተገርመው ሲያዩ ወለሉ ላይ ደም ይንጠባጠባል፤ የልጁ ጣት እስከ አጥንቱ ተሰንጥቋል። ልጁ ምንም አልተሰማውም ነበር። ጉልበቱ የመጣው ከጡንቻው ሳይሆን፣ «ይበቃል» የሚለው ድምፅ በውስጡ ከመጥፋቱ ነበር። ሌላም እንቆቅልሽ ነበረ። አንዳንድ ሕሙማን ማታ ሙሉ የነበረ ጣታቸው ጠዋት ጎድሎ ያገኙት ነበር። ሌሊቱን ሲጠበቅ ምክንያቱ ታወቀ፤ የሚበላው አይጥ ኖሯል። የተኛው ሰው ስላልተሰማው አልነቃም። ከዚያ በኋላ ድመት ማሳደግ የሕክምናው አንድ ክፍል ሆነ።

ሕመም በእንዲህ ያለ ግልጽ አደጋ ጊዜ ብቻ የሚሠራ የሚመስለው ሰው ይኖራል። ሥራው ግን ከዚህ እጅግ የረቀቀ ነው። ከደሴ እስከ ኩታበር በእግሩ የሚጓዝ ጤነኛ ሰው እርምጃው ከመጀመሪያ እስከ መጨረሻ አንድ ዓይነት አይደለም። ተረከዙ ሲደክም ክብደቱን ወደ ጎን ያዛውራል፤ ጠጠር ሲገባበት ያነክሳል፤ ጫማው ሲፍቀው አረማመዱን ይለውጣል። ይህን ሁሉ የሚያደርገው ሳያውቀው ነው። ነርቩ የሞተበት ሰው ግን ከጠዋት እስከ ማታ በዚያችው አንድ ቦታ ላይ ይረግጣል፤ የረገጣትም ቦታ ትቆስላለች። ዓይንም እንዲሁ ነው። ጤነኛ ዓይን በደቂቃ ዐሥራ አምስት ጊዜ ያህል ይርገበገባል፤ በተርገበገበ ቁጥርም ራሱን ያጥባል። በሽታው የፊትን ነርቭ ሲይዝ ቆቡ አይከደንም፤ ብሌኑም አቧራና ድርቀት አይሰማውም፤ በመጨረሻም ይታወራል። ከመታወር የሚጠብቀው ኃይል፣ ሰው ልብ የማይለው ያ ትንሽ ጥቅሻ ነበር።

ብራንድ በኋላ በአሜሪካ፣ በሉዊዚያና ግዛት በምትገኘው በካርቪል ሲሠሩ፣ ሊታሰብ የሚያዳግት ነገር ሞከሩ። ከመሐንዲሶች ጋር ሆነው ሰው ሠራሽ ሕመም ለመሥራት ተነሡ። ግፊትን የሚለኩ ጥቃቅን መሣሪያዎችን በጓንትና በካልሲ ውስጥ አደረጉ። መጀመሪያ አደጋ ሲቃረብ በሕሙማኑ ጆሮ ድምፅ እንዲያሰማ አደረጉት፤ ሕሙማኑ ድምፁን ሰምተው ሥራቸውን ቀጠሉ። ቀጥለው፣ ስሜት ባልጠፋበት የገላ ክፍል ላይ የኤሌክትሪክ ንዝረት እንዲሰጥ አደረጉት። ሕሙማኑ አንድ ሥራ መጨረስ በፈለጉ ጊዜ መሣሪያውን አጠፉት። ሙከራው በዚህ ተፈጸመ። ከመፍረስ የሚጠብቅ ኃይል በእጅ ሊሠራ ያልቻለበት ምክንያት የመሣሪያው ድክመት ብቻ አልነበረም። ማጥፊያ ያለው ሕመም ሕመም ሊሆን አለመቻሉ ነው። ሕመም ዘበኛ የሚሆነው ሰው ሊያዘው ስለማይችል ነው።

ሕክምናው በዚህ መካከል ሩቅ ተጉዟል። እ.ኤ.አ. በ1940ዎቹ የተጀመረው የዳፕሶን ሕክምና ለብዙዎች ተስፋ ሰጥቶ ነበር፤ ነገር ግን ሕሙማኑ ዕድሜ ልካቸውን ሊውጡት የተገደዱበትን መድኃኒት ባክቴሪያው እየተላመደው ሄደ። በ1981 እ.ኤ.አ. የዓለም ጤና ድርጅት ሪፋምፒሲን፣ ክሎፋዚሚንና ዳፕሶን በአንድነት እንዲሰጡ መከረ። ዛሬ እንደ በሽታው ዓይነት በ6 ወይም በ12 ወር ሰው ከባክቴሪያው ይነጻል፤ መድኃኒቱም በነጻ ይታደላል። በዓለም ላይ ከ16 ሚሊዮን በላይ ሰዎች በዚህ መንገድ ታክመዋል። በአዲስ አበባ በ1958 ዓ.ም. የተቋቋመው አለርትና ከአጠገቡ ያለው የአርማወር ሃንሰን የምርምር ተቋም በዚህ ታሪክ ውስጥ የራሳቸው ድርሻ አላቸው። ከሰው ልጅም እጅግ የሚበዛው፣ ከመቶ ዘጠና አምስት ያህሉ፣ በተፈጥሮው በሽታውን የመቋቋም ኃይል አለው፤ ሕክምና የጀመረ ሰውም ወደ ሌላ አያስተላልፍም። ይህ ሁሉ ሆኖ በቅርብ ዓመታት በኢትዮጵያ በየዓመቱ ከ2000 በላይ አዲስ ሕሙማን ተመዝግበዋል።

መድኃኒቱ ባክቴሪያውን ይገድላል እንጂ ለረጅም ጊዜ የሞተ ነርቭ አያስነሣም። ስለዚህ ዘግይቶ የመጣ ሰው ድኖ ወደ ቤቱ ሲመለስ፣ ሕመም የከዳው እጁን ይዞ ነው የሚመለሰው። ምድጃውም፣ ሙቀጫውም፣ እሾኹም እንደ ቀድሞው ይጠብቁታል። ለእንዲህ ያለው ሰው የጤና ባለሙያዎች የሚያስተምሩት ትምህርት የሚያስደንቅ ምንም ነገር የለበትም። በየቀኑ እግርህን በሳፋ ውኃ ውስጥ ዘፍዝፍ፤ የደነደነውን ቆዳ በሻካራ ድንጋይ ቀስ ብለህ ፈግፍግ፤ ሳይደርቅ ቅባት ቀባው፤ ከዚያም ውስጥ እግርህን በብርሃን ተመልከት፤ ጫማህን ከማጥለቅህ በፊት አራግፍ፤ የጋለ ዕቃ በጨርቅ ያዝ፤ ዓይንህን አስበህ ጨፍን። ይኸው ነው። የሞተውን ነርቭ ሥራ ዓይን እንዲሠራው ነው የሚፈለገው። ሕመም ያለ ደመወዝ ሲሠራ የነበረውን፣ ሰውየው አሁን በገዛ ፈቃዱ፣ በየቀኑ፣ እስከ ዕድሜው ፍጻሜ ሊሠራው ነው። አንድ ቀን ቢዘነጋ፣ የትናንቱ ጥንቃቄ የዛሬውን እሾኽ አይመልስለትም።

ነገሩ ግን በአንድ ሰው ገላ አያበቃም። የሥጋ ደዌ የመጀመሪያ ምልክት ብዙ ጊዜ በቆዳ ላይ የሚታይ ፈዘዝ ያለ ቦታ ነው። አያሳክክም፤ አያምም፤ ሲነኩት ደንዝዟል። ያን ጊዜ ወደ ሐኪም የሄደ ሰው እጁም እግሩም ሳይጎዳ ሊድን ይችላል። እናቲቱ ግን ያን ምልክት በክንዷ ላይ ስታይ በመጀመሪያ የምታስበው ስለ መድኃኒት ሳይሆን ስለ ስሙ ነው። «ቆማጣን ቆማጣ ካላሉት ገብቶ ይፈተፍታል» የሚለውን ተረት ከልጅነቷ ጀምሮ ሰምታዋለች። ተረቱ የሚለው፣ ሕመምተኛው በስሙ ተጠርቶ ካልተዋረደ ከሰው ጋር በአንድ ገበታ ይቀርባል ነው። ስለዚህ እጅጌዋን ታስረዝማለች። ስለ ልጇ ጋብቻ ታስባለች፤ ስለ ማኅበሩ፣ ስለ ዕድሩ ታስባለች። «በሽታውን የሸሸገ መድኃኒት አይገኝለትም» የሚለውንም ተረት ታውቀዋለች፤ ነገር ግን ሁለቱ ተረቶች በአንድ ቤት ውስጥ ሲገናኙ የመጀመሪያው ያሸንፋል። በሸሸገችባቸው ዓመታት ነርቮቿ አንድ በአንድ ይሞታሉ። ጣቶቿን ያሳጣት ምድጃው ነው ቢባልም፣ ወደ ምድጃው ያለ ዘበኛ የሰደዳት ፍርሃቷ ነው፤ ፍርሃቷንም የሠራው ሌላው ሰው ነው።

እንግዲህ ድንዛዜው በሁለት ስፍራ ነው። አንደኛው በሕመምተኛዋ እጅ ላይ ነው። ሁለተኛው እርሷ ከገበታ ስትነሣ፣ ከመንደር ዳር ስትወጣ፣ በቤተ ክርስቲያን ደጃፍና በመስጊድ አጥር ሥር ስትቀመጥ ምንም በማይሰማው ጤነኛ ሰው ላይ ነው። አካል ማለት አንዱ ብልት ሲነካ ሌላው የሚሰማው ነገር ነው። ውስጥ እግር እሾኽ ሲወጋው እጅ ሳይጠራ ይወርዳል፤ ዓይን ሳይታዘዝ ይፈልጋል፤ ወገብ ይጎብጣል። አንድ ማኅበረሰብ ዳር ያለው ወገኑ ሲቆስል የማይሰማው ከሆነ፣ ነርቩ የሞተ አካል ሆኗል። ጥንካሬ የሚመስለው ዝምታውም የእናቲቱን እጅ ጥንካሬ ይመስላል። እሳት አይፈራም፤ ማጠሩን ግን አላቆመም። በአዲስ አበባ በዘነበ ወርቅ፣ ለሕክምና መጥተው ወደ ትውልድ መንደራቸው መመለስ ያልቻሉ ሰዎች በሆስፒታሉ ዙሪያ ጎጆ ቀልሰው ሰፈር መሥርተዋል። ከባክቴሪያው ድነዋል፤ ከመንደራቸው ግን አልዳኑም።

ከዚህ በኋላ ወደ ንጋቱ ዜማ መመለስ ይገባል። ላሊበሎች በእምነታቸው ስለ በሽታው ምክንያት ተሳስተዋል፤ ዘርን ከበሽታ ጋር ማያያዝም የብዙ ንጹሕ ሰው ስም አጉድፏል። ስለ መጠበቂያው ጠባይ ግን የፈጠሩት ሕግ ከእውነቱ የራቀ አይደለም። መፍረስን አንድ ጊዜ ገትቶ የሚያሰናብት ኃይል የለም። የሚገታው በየቀኑ የሚደረግ ነገር ነው፤ የትናንቱ ለዛሬ አይሆንም። ከአደጋው መቅደም አለበት፤ ቁስሉ ከታየ በኋላ የመጣ ጥንቃቄ ፀሐይ ከወጣች በኋላ እንደ ተዜመ ዜማ ነው። ከሁሉም በላይ፣ ሰው ራሱን በገዛ ቤቱ ዘግቶ አይጠብቅም። የላሊበላው ዜማ የሌላውን ሰው ደጃፍ፣ የሌላውን ሰው ጆሮና የሌላውን ሰው እጅ ይፈልጋል። የተኛውን በስሙ ይጠራዋል። የተጠራውም ሰው ተነሥቶ በሩን ይከፍታል፣ ወይም አይከፍትም።

አንዲት እናት ውስጥ እግሯን ብቻዋን ማየት ይቸግራታል። ወገብ አይታጠፍላትም፤ ዓይኗም ደክሟል። ስለዚህ ከቦሩ ሜዳ የተማረችውን ትምህርት በቤቷ የምትፈጽመው በሰው እርዳታ ነው። ማታ እራት ከተበላ በኋላ ልጅዋ ሳፋውን ታቀርባለች፤ ውኃውን በመጀመሪያ በራሷ ክርን ትሞክረዋለች፤ የእናቷ እግር ሙቅና ቀዝቃዛ አይለይምና። እግሩ ከረጠበ በኋላ በጉልበቷ ላይ አድርጋ ኩራዙን ታስጠጋና በጣቷ እየዳሰሰች ትመለከታለች። ተረከዙ ሥር አንዲት ትንሽ ስንጥር ተሰክታ ታገኛለች።

«እማዬ፣ እዚህ ጋ ተወግተሻል» ትላታለች።

«ደኅና ነው? አልተሰማኝም እኮ» ትላለች እናቲቱ።

ልጂቱ ስንጥሩን ስታወጣ ፊቷ ይጨማደዳል። የተወጋው የእናቷ እግር ነው፤ የተሰማው ግን ለእርሷ ነው።